ከገደሉ ማዶ የሰማሁት ኮከብ

ትናንት አመሻሽ ላይ ያየሁትን... ማለቴ የሰማሁትን፣ ሳልጽፈው ብውል ደረቴ ላይ ይቀራል። ፊደል ብገድፍ ይቅር በሉኝ።

ከዘመሮ ወጣ ብሎ አንድ ገደል አፋፍ ላይ ጥበቃ ነኝ። የምጠብቀው የከዋክብት ተመራማሪዎች የተከሉትን መሣሪያ ነው። ሲያዩት ወፍራም ቧንቧ ይመስላል። የኮከብን ብርሃን ተቀብሎ ድምፅ ያደርገዋል። ብርሃኑ ሲበረታ ድምፁ ይጎላል፤ ብርሃኑ ሲርገበገብ ድምፁም ይርገበገባል።

እውነቱን ልናገርና ሥራውን የያዝኩት ከቤቴ ለመሸሽ ነው። ባለቤቴ ካረፈች ሰባት ወሯ። ልጄ አስካለ የእናቷ አርባ እንኳን ሳይወጣ ጥቁሯን አወለቀች። አንዲት እንባ አላየሁባትም! ጎረቤት ሲያንሾካሹክ አፈርኩ።

«የሞተችው እናትሽ ናት ወይስ የጎረቤት ላም?» አልኳት።

መልሷን አልጠበቅኩም። ባና ብርድ ልብሴን ጠቅልዬ አፋፉ ላይ ወጣሁ።

ትናንት ፀሐይ ገብታ ኮከብ ብቅ ብቅ ሲል፣ መሣሪያው ላይ የምትሠራው መሐንዲስ ሰብለ ጠራችኝ።

«ጋሽ ደምሴ፣ ይምጡ እስቲ ያዳምጡ! ሁልጊዜ ውጭ ቆመው ይቀራሉ?»

«ኧረ ተይኝ ልጄ... የፈጣሪን ሥራ ተደብቆ ማዳመጥ ኃጢአት እንዳይሆንብኝ።»

«ምን ተደብቀን፣ በግላጭ ነው!» ብላ ማዳመጫውን ጆሮዬ ላይ ደፋችው።

የመጀመሪያው ኮከብ እንደ ንብ ቀፎ እምምም ይላል። ሁለተኛው ቀጠን ያለ ነው። አማተብኩ። ደግሞም ደስ አለኝ፣ አልዋሽም።

ከዚያ ደመና መጣና ሰብለ ቧንቧውን ልትሸፍነው ወደ ታች አዘቀዘቀችው። ማዳመጫው ግን ገና ጆሮዬ ላይ ነው። ድንገት ሌላ ድምፅ ገባ። ይቆራረጣል... ትንፋሽ እንዳጠረው ሰው ከፍ ዝቅ ይላል።

«ልጄ፣ ይሄኛው ኮከብ ምን ሆኗል? ያለቅሳል እኮ!»

ሰብለ ቧንቧው ላይ በተገጠመው ማነጣጠሪያ መነጽር አየች። ፊቷ ተለዋወጠ።

«ጋሼ... ይሄ ኮከብ አይደለም። ምድር ላይ ነው፣ ገደሉ ማዶ። ደግሞ ይሄዳል!»

እኔም አጎንብሼ አየሁ። የእኛው የማርያም ደጅ ነው። አንዲት ትንሽ ብርሃን ጥዱ ሥር ቆመች። ሦስት ጊዜ ዝቅ ከፍ አለች። ከዚያ ወደ በሩ ሄደች።

አካሄዱን አውቀዋለሁ።

ባለቤቴ አስካለን ስትወልድ ምጡ ጠንቶባት ለማርያም ተሳለች። በየወሩ በሃያ፣ በዋዜማዋ፣ ራሷ በሠራችው ጧፍ ደጇን ልታበራ። ፈትሏን በቀለጠ ሰም እየሳበች የሠራችውን ጧፍ ለኩሳ፣ ጥዱ ሥር ሦስቴ ሰግዳ፣ ከዚያ ወደ በሩ። አንድም ወር አላጓደለችም። ስታርፍ ስለቷም አብሯት የተቀበረ መስሎኝ ነበር።

ትናንት ደግሞ ሃያ ነው።

«በስመ አብ!» አልኩ። «ዘነበች መጣች!»

«ማናት ዘነበች?»

«ባለቤቴ... ያረፈችው።»

ሰብለ የተማረች ልጅ ናት። ግን እሷም አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለች።

አስካለ ቤት ውስጥ ብቻዋን መሆኗ ትዝ ሲለኝ ፈራሁላትና ደወልኩ። ስልኩ አንዱ ጆሮዬ ላይ፣ ማዳመጫው ሌላው ላይ። ገና ሲጠራ... በማዳመጫው የምሰማው ድምፅ ባለበት ረጋ። ብርሃኑ መሄዱን አቁሟል።

«አቤት አባዬ።»

«የት ነሽ?»

«ቤት ነኛ።»

ነፋሱ በስልኩ ሽው ሲል ይሰማኛል። ወዲያው በሌላው ጆሮዬ ያለው ድምፅ ተቆረጠ። ጭጭ።

«ጧፉ ጠፋብሽ?» አልኳት።

«...አባዬ፣ ማን ነገረዎት?»

ምን ልበላት? ኮከብ መስለሽኝ ሰማሁሽ ልበላት?

«ጥቁሩንስ... ለምን አወለቅሽው?»

«እማዬ ናት። ታማ ሳለች ‹ለእኔ ጥቁር እንዳትለብሺ፣ ጧፌን ብቻ እንዳታቋርጪ› አለችኝ። መጀመሪያም የለበስኩት እርስዎን ፈርቼ ነው።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?»

«መች ጠየቁኝ?»

ክብሪት ሲጫር በስልኩ ሰማሁ። ያ የሚቆራረጥ ድምፅ በሌላው ጆሮዬ ተመልሶ መጣ።

ሰብለ ደብተሯን ይዛ «ጋሼ፣ ምን ብዬ ልመዝግበው?» ትለኛለች።

«እሱን ተይው። እሱ የእኔ ነው» አልኳት።

ዛሬ ጧት ወደ ቤት ወረድኩ። መንገዱን ሁሉ የይቅርታ ቃል ስመርጥ መጥቼ፣ በሩ ላይ ስደርስ ሁሉም ጠፋኝ። ሰባት ወር ሙሉ ምንም ሳልጠይቃት ከርሜ፣ ፊት ለፊት ስንገናኝ ከአፌ የወጣው የመጀመሪያ ጥያቄ ይቺ ብቻ ሆነች... «ለመጪው ሃያ ሰም ተርፎልሻል?»