በዓይን የሚቀየር ማርሽ

አባቴ ልብሳቸውን በከረጢት ከተው አፉላ ከተማ፣ እህቴ ዘንድ እሄዳለሁ ባሉበት ሰሞን፣ እኔ የመኪናዬን የቆጣሪ ሰሌዳ ነቅዬ ጭኔ ላይ አስቀምጬ ነበር። ከመሪው ኋላ የሚገጠመውን፣ ፍጥነትና ነዳጅ የሚያሳየውን ማለቴ ነው። ሁለቱ ነገሮች ለእኔ አንድ ነበሩ። አባቴ ከቤቴ የሚወጡት መኪናዬ ስለምታንገላታቸው ነው ብዬ አምኜ ነበርና፣ እሷን ካስተካከልኩ ይቀራሉ ብዬ ተስፋ አደረግሁ። ሰው ሲደክመው ተስፋውን የማይሆን ነገር ላይ ያንጠለጥላል። እኔ ደግሞ በዚያ ዓመት በጣም ደክሞኝ ነበር።

የምንኖረው እስራኤል አገር፣ ኔታንያ ከተማ፣ ዶራ ሰፈር፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። እናቴ ከሞተች ሁለት ዓመት ሆኗት ነበር። የአባቴ ግራ እግር በስኳር ምክንያት ቆስሎ አልድን ስላለ ሰኞና ሐሙስ ኩፓት ሆሊም፣ የሰፈሩ ክሊኒክ፣ ወስጄ ቁስሉን አሳጥባለሁ። ከምሠራበት ፕላስቲክ ፋብሪካ የጠዋቱን ፈረቃ ጨርሼ እመጣና ጫማዬን ሳላወልቅ፣ እሳቸውን ደግፌ ደረጃውን አወርዳቸዋለሁ። መኪናዋ ሃያ ዓመት ያለፋት የጃፓን ሥሪት ናት፤ ማርሿ በእጅ የሚቀየር። ከጎኔ ያለው የፊት ወንበር የአባቴ ነው። እሳቸው በሌሉበት ቀን እንኳ ባለቤቴ ከኋላ ነው የምትቀመጠው።

ማርሽ መቀየር የተማርኩት በጆሮዬ ነው። ጎንደር ሳለሁ የጭነት መኪና ረዳት ነበርኩ፤ ሾፌሩ መሪውን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሰጠኝ «ወደ ታች አትይ፣ ሞተሩ ራሱ ይነግርሃል» አለኝ። እውነትም ይነግረኝ ነበር። ዳገት ላይ ሲያቃስት አወርዳለሁ፣ ሜዳ ላይ ሲቀለው እጨምራለሁ። ታዲያ አንድ ዓመት ላይ ሞተሩ መናገር ተወ። ሁለተኛ ላይ ረስቼው እስኪግል እነዳለሁ፤ ወይም አራተኛ ላይ ትቼው መኪናዋ እንደ ወባ በሽተኛ ትንቀጠቀጣለች። አባቴ ከበሩ በላይ ያለውን መያዣ በእጃቸው ጭምድድ አድርገው ይይዛሉ። አንድ ቀን ቀስ በል ብለውኝ አያውቁም።

በመጨረሻ ፍሪሲዮኑ ተቃጠለ። ኢንዱስትሪ ሰፈር ያለው መካኒክ አዲስ ገጥሞልኝ፣ እንዴት እንደምነዳ ሊያይ አጠገቤ ተቀምጦ አንድ ዙር ዞርን። ገና ከመታጠፊያው ሳንደርስ ጆሮውን ይዞ «ሞተሩ እየጮኸ እኮ ነው! ማ አታ፣ ሄሬሽ?» ብሎ ሳቀ። ደንቆሮ ነህ ወይ ማለቱ ነው። እኔም አብሬው ሳቅሁ።

ፋብሪካ ውስጥ ማልገዛ፣ ያቺን ጭነት የምታነሳ መኪና፣ ነበር የምነዳው። ከቆሻሻ ፕላስቲክ መፍጫው ጎን፣ ቀኝ ጆሮዬን ለመፍጫው ሰጥቼ ዘጠኝ ዓመት ሠርቻለሁ፤ ቀኙ ደነቆረ፣ ግራውም ደከመ። የጆሮ መድፈኛ ይሰጡናል፤ ያልበኝና አወልቀዋለሁ። አሁን ብመረመር የማልገዛውን ፈቃድ ይቀሙኝና ካርቶን አጣፊ ያደርጉኛል ብዬ ስለፈራሁ ለማንም አልተነፈስኩም፤ ለባለቤቴም። (ኋላ ተመርምሬ እንደፈራሁትም ሆነ። እሱ ሌላ ወሬ ነው።)

እኛ ዘንድ ደግሞ ደንቆሮነትን መደበቅ ቀላል ነው። ታላቅ ሰው ሲናገር ዓይንህን ትሰብራለህ፣ ሲጨርስ እሺ ትላለህ። ይድገሙልኝ ማለት ነውር ነው። ቤት ውስጥ የሰውን አፍ እያየሁ፣ ግራ ጆሮዬን እያስጠጋሁ እዘልቀው ነበር። መኪና ውስጥ ግን አባቴ በቀኜ ናቸው፤ ወደ ፊት ያያሉ፣ ጋቢያቸው አፋቸው ድረስ ነው፣ ድምፃቸውም ዝቅ ያለ ነው። እንደሳቸው ያለ ሰው ድምፁን ከፍ የሚያደርገው ለከብት ብቻ ነው። ክፋቱ ደግሞ ቁም ነገራቸውን የሚያስቀምጡት ለመኪናው ነበር፤ ቤት ውስጥ ልጆቼም ቴሌቪዥኑም በዕብራይስጥ ይንጫጫሉ። ጋቢው ሲንቀሳቀስ ካየሁ «እሺ አባዬ» እላለሁ። ብዙ ጊዜ ግን መንገዱን ስለማይ አላየውም። ከጊዜ በኋላ ጋቢው ጭራሽ መንቀሳቀስ ተወ። ያኔ የተሰማኝ፣ ልዋሽ አልፈልግም፣ እፎይታ ነበር።

እንዲህ ሆነን ሳለ ነው አንድ ቀን ምሳ ላይ «አፉላ ሄጄ እሰነብታለሁ» ያሉት።

«ለምን አባዬ? ምን ጎደለ?» አልኳቸው።

«ምንም አልጎደለ። ደክሞሃል፣ ልጄ» አሉና እጃቸውን ታጠቡ።

መሰንበት ማለታቸው መቅረት እንደሆነ ሁላችንም ገባን። እኔ እግራቸውን አየሁ፣ ያቺን የምትንገጫገጭ መኪና አሰብኩ፣ በቃ ምክንያቱን ያገኘሁ መሰለኝ።

መካኒኩ እየሳቀ የነገረኝ ነገር ነበር። የእኔ መኪና ርካሹ ዓይነት ስለሆነች በቆጣሪ ሰሌዳዋ ላይ፣ ከፍጥነቱ ጎን፣ ትልቅ ሰዓት ነው ያለው። በውዱ ዓይነት ግን በሰዓቱ ቦታ የሞተር ዙር የሚቆጥር መርፌ አለ። «እሱን አስገባ፣ በዓይንህ ትቀይራለህ» ብሎኝ ነበር። አሮጌ መኪና የሚፈታበት ግቢ ሄድኩ። ሰውዬው ፊቷ ከተጨፈለቀ መኪና ውስጥ ሰሌዳውን መዝዞ ሰጠኝ። ኪሎ ሜትሩ ላይ የማላውቀው ሰው የነዳው መንገድ ተጽፎበታል። እኔ የነዳሁት ከአሮጌው ጋር ሊቀር ነው ብዬ አሰብኩና፣ ይቅር፣ አልኩ።

ዓርብ ከሥራ እንደተመለስኩ ሕንፃችን ሥር ጀመርኩ። የባትሪውን ሽቦ አላቀቅሁ። የመሪውን ኮፈን ብሎኖች ፈታሁ። እጄን ከሰሌዳው ኋላ አስገብቼ የፍጥነቱን ገመድ ለመንቀል ስታገል ቆዳዬ ተላጠ። ሦስቱን ነጭ ሶኬቶች መዝዤ አሮጌውን አወጣሁ፤ አዲሱ ላይ ሶኬቶቹ ልክክ አሉ። ግን ለዙር መቁጠሪያው የሚሆነው ቀዳዳ ባዶ ነው። ርካሽ መኪና ስለሆነች ሽቦውን ከፋብሪካም አልዘረጉላትም። ስለዚህ ከሞተሩ ክፍል፣ ለሻማዎቹ እሳት ከሚሰጠው ኮይል፣ አዲስ ሽቦ ስቤ፣ በጎማ ቀዳዳው አሳልፌ፣ በፔዳሎቹ ሥር አዙሬ ማምጣት ነበረብኝ። ጭንቅላቴ ከመሪው ሥር፣ እግሬ በበሩ ወጥቶ ተጋድሜ ሳለሁ የታችኛዋ ጎረቤታችን፣ አሮጊቷ ሞሮኳዊት፣ ጫማዬን በዘንጓ ነካ አድርጋ «ሞተሃል?» ብላ ጠየቀችኝ። ገና ነው አልኳት።

ጨርሼ ባትሪውን መልሼ አስነሳሁ። ነዳጁ ያሳያል፣ ሙቀቱ ያሳያል፣ መብራቶቹ ይበራሉ። ያቺ የፈለግኋት መርፌ ብቻ ዜሮ ላይ ተኝታ ቀረች። ሽቦውን ነቅዬ ሰካሁ፣ ጠረግሁ፣ አጠበቅሁ። ወይ ፍንክች። ባለቤቴ ከመስኮት «ሻባት ሊገባ ነው፣ ና ታጠብ!» አለች። ሰሌዳው እንደተንጠለጠለ፣ ሽቦው እንደተዘረገፈ በሩን ቆልፌ ወጣሁ።

ሻባት ሰንበት ነው፤ ብሎን አይነካም። ቀኑን ሙሉ ተጋድሜ ስለ አንዲት ሽቦ አሰብኩ። ከጸሎት ቤቱ፣ ከቤት ክኔሴት፣ ስንመለስ አባቴ መኪናዋ አጠገብ ቆሙ። በዘንጋቸው ተደግፈው ጎንበስ ብለው በመስታወቱ ውስጥ ያንን የተዘረገፈ ሽቦ ረጅም ጊዜ አዩት። ይጠይቁኛል ብዬ ጠበቅሁ፤ አልጠየቁኝም። እኔም አላስረዳኋቸውም። ተያይዘን ደረጃውን ወጣን።

እሁድ በዕረፍት ሰዓት ለመኪና ፈቺው ደወልኩ። በግራ ጆሮዬ ነው ስልክ የማወራው። «ከኮይሉ ፕላስ ላይ ነው የሰካኸው፤ ማይነሱ ላይ አድርገው» አለኝ። እንዲህ ቀላል ነበር። ከሰዓት በኋላ አንድ ሽቦ ከአንድ ጫፍ ወደ ሌላው አዛወርኩና ቁልፉን አዞርኩ። መርፌዋ ብድግ ብላ ከአንድ ቁጥር ትንሽ ዝቅ ብላ ቆመች፤ ትርገበገባለች። ነዳጅ ስረግጥ ትወጣለች፣ ስለቅ ትወርዳለች። ስንት ጊዜ ያልሰማሁት ድምፅ ነው፤ ያው እዚያ ነበር። ግንባሬን መሪው ላይ አድርጌ አለቀስኩ። ደስታ ነው እንዳልል በጣም ደክሞኝ ነበር።

ሰኞ ኩፓት ስንሄድ ዓይኔን ከመርፌዋ አልነቀልኩም። ሁለት ተኩል ስትደርስ ማርሽ እጨምራለሁ፣ ከአንድ ተኩል ስትወርድ እቀንሳለሁ። መኪናዋ አንድ ጊዜም አልተንገጫገጨች። ሰረቅ አድርጌ ወደ አባቴ ሳይ እጃቸው መያዣው ላይ ሳይሆን ጭናቸው ላይ ነው። አሸነፍኩ ብዬ ደስ አለኝ። ማታ ስገባ ግን ከረጢታቸው ተቋጥሮ በሩ ሥር ቆሟል። እህቴ እሁድ በአማቿ መኪና ልትወስዳቸው ተቀጣጥረዋል።

ደወልኩላት። «እታለም፣ ለምን ትወስጃቸዋለሽ? መኪናዋን አስተካክያለሁ እኮ። ከእንግዲህ እግራቸውን አታንገላታም።»

«የምን መኪና ነው የምታወራው?» አለች። «ስለ እግራቸው አንድ ቀን አንስተውልኝ አያውቁም። ልጄ ተቀይሞኛል ነው የሚሉኝ። አብረን ስንሄድ አያነጋግረኝም፣ አንድ ነገር ከጠየቅሁት ዓመት ሆነው፣ ዝም አለኝ። በተቀየመኝ ሰው ቤት ምን እሠራለሁ፣ ነው የሚሉት።»

«ምንድን ነው የጠየቁኝ?»

«እሱንማ ለእኔ መቼ ይነግሩኛል! አንተ ታውቃለህ። ቤሴደር፣ እሺ፣ እሁድ እመጣለሁ።»

ሦስት ቀን ሙሉ አባቴን ቤት ውስጥ ላናግራቸው ፈለግሁ፤ አልደፈርኩም። አርባ ዓመት ያለፈው ሰው አባቱን ፈርቶ ከሳሎን ወጥ ቤት ይመላለሳል። ሐሙስ መጣ። ማዕከላዊ አውቶቡስ ጣቢያው አጠገብ ስንደርስ ቀይ መብራት ያዘን።

«አባዬ» አልኩ፣ መብራቱን እያየሁ። «ቀኝ ጆሮዬ አይሰማም። ከቆየ። መኪና ውስጥ የሚሉኝን አልሰማም ነበር።»

ጋቢያቸው ተንቀሳቀሰ። ፊቴን አዙሬ አየኋቸው፤ እንዲያ ቀና ብዬ ዓይን ዓይናቸውን አይቻቸው አላውቅም። «አሁንም አልሰማሁም» አልኩ።

አባቴ እኔን አዩ። መርፌዋን አዩ፤ በጣታቸው አመለከቷት። ለዚሁ ነው ብዬ ራሴን ነቀነቅሁ። ጋቢያቸውን ከአፋቸው ወደ አንገታቸው አወረዱ። ከዚያ በሕይወቴ ሰምቼው በማላውቀው ድምፅ ጮኹ።

«እናትህ! የሞተች ዕለት! ጠርታኝ ነበር ወይ?»

መስኮቱ ክፍት ነበር። ፌርማታው ላይ የቆሙ ወታደሮች ዞረው አዩን።

እናቴ ሆስፒታል ስትተኛ አባቴ ከአልጋዋ ሥር ተነሥተው አያውቁም ነበር። በመጨረሻው ቀን፣ ቀትር ላይ፣ «ቤት ልመልስዎ፣ እህል ይቅመሱ፣ እኔ አለሁ» ብዬ ለምኜ፣ በዚህችው መኪና ቤት አድርሻቸው ብቻዬን ተመለስኩ። እሳቸው ሳይመጡ ሞተች። ይህን ነው የጠየቁኝ። ዓመት ሙሉ መልሱን ጠብቀው፣ ዝምታዬን እንደ መልስ ወስደውት ኖሩ። እውነቱን ልናገርና፣ ያኔ ሰምቼ ቢሆን ኖሮ እንደምመልስላቸው አላውቅም። የሰደድኳቸው እኔ ነኛ።

«ጠርታዎታለች!» ብዬ እኔም ጮህኩ። «ሁለት ጊዜ። የት ሄዱ አለችኝ። እህል ሊቀምሱ ሄደዋል አልኳት። እኔ ነኝ የሰደድኩዎት፣ አባዬ። እኔ ነኝ።»

አባቴ በሁለት እጃቸው ጉልበታቸውን ያዙ። «እየበላሁ ነበር!» አሉ። «እሷ ስትጠራኝ፣ እኔ ቁጭ ብዬ እየበላሁ ነበር!»

መብራቱ አረንጓዴ ሆኖ ነበር። የኋላችን ሰውዬ እጁን ሲያወራጭ በመስታወት አየሁት፤ ጡሩምባውን አልሰማሁም። መኪናዋን ወደ ጥግ አስጠግቼ አጠፋሁ። አባቴ በጋቢያቸው ጫፍ ፊታቸውን ጠረጉ፤ እኔ በእጅጌዬ። የሐኪሙ ቀጠሮ አለፈን፤ ሁለታችንም አላነሳነውም። ሞተሩ ጠፍቶ መኪናዋ ጭጭ ባለችበት፣ አባቴ በዚያው በጩኸታቸው ተናገሩ።

«ለእህትህ ንገራት! እሁድ አትምጣ!»