ስም የምታስጥለው ኮከብ

ኮከቧ የምትወጣው ጠዋት ሦስት ሰዓት ገደማ ነበር። ልደታ፣ ከጠመንጃ ያዥ ሰፈር ወረድ ብሎ የምንኖርበት የቀበሌ ቤት ቆርቆሮው ላይ አንድ ሚስማር ወልቆ ነበር፤ ፀሐይ በዚያች ቀዳዳ ስትገባ ኮርኒሱ ውስጥ የሸሚዝ ቁልፍ የምታህል ብርሃን ታርፋለች። ይህን የማውቀው አይቼው አይደለም። የነገረኝ ኮርኒሱ ውስጥ ተደብቆ የሚኖረው ታናሽ ወንድሜ ነው።

ዘመኑ የደርግ ማብቂያ ነበር፤ እኛ ግን ማብቂያ መሆኑን አናውቅም። ወጣት ለብሔራዊ ውትድርና ይታፈሳል። የሰፈራችን ልጆች በመኪና እየተጫኑ ሄዱ፤ የተመለሰ አላየንም። የወንድሜ ተራ ሲደርስ እናቴ "ገጠር አጎቱ ጋ ሄዷል" ብላ አስወራች። ከዚያ እኔና እሷ ከኮርኒሱ በላይ ባሉት አግዳሚ እንጨቶች ላይ ሳንቃ ረብርበን፣ ቁም ሳጥኑ ላይ አቁመን አወጣነው። ለጥቂት ሳምንት መስሎን ነበር።

ግድግዳ ጆሮ አለው፤ የእኛ ግድግዳ ደግሞ ከጎረቤት ጋር የምንጋራው ስስ ጭቃ ነው። ስለዚህ ስሙን መጥራት ተውን። "ድመቷ" አልነው። ድመቷ በላች? ድመቷ ዛሬ አልተኛችም እንዴ? ሳንቃው ሲጥ ሲልም ለሰማ ሁሉ መልስ አገኘን።

እኔ ያኔ ልብስ ስፌት ፋብሪካ በፈረቃ እሠራ ነበር። አውቶቡሱ ሞልቶ ስለሚያልፈኝ ከሜክሲኮ በእግሬ ነው የምመጣው። እንደገባሁ ወገቤን እንኳ ሳላሳርፍ ቁም ሳጥኑ ላይ ወጥቼ ምግቡን አቀብላለሁ፣ ባልዲውን እቀበላለሁ። እሱ ቀኑን ሙሉ የሚያወራው ሰው ስለሌለ የሚጠብቀኝ በወሬ ነው። ወሬው ሁሉ ደግሞ ኮከቧ።

ኮከቧ የምታበራው ለሌላ ዓለም ነው አለኝ። እዚያ ሰው የሚሄደው ተኝቶ ነው፤ ቀና ካለ ሰማዩ ግንባሩን ይለዋል። ጥላ ከባለቤቱ ቀድሞ ገበያ ደርሶ ይመለሳል። ክረምት ሲገባ ኮከቧ ውሃ ታንጠባጥባለች፤ ጣሳ ይደቀንላታል። ዋናው ተአምሯ ግን ሌላ ነው። ብርሃኗ ያረፈበት ሰው ስሙ ይወልቃል። ቢጠሩት አይሰማም፤ ጥሪው ዞሮ ወደ ጠሪው ይመለስና ጠሪው ራሱ "አቤት" ይላል። "የጦር አዛዡ ሰዉን ሊያዘምት ወጥቶ ይጣራል" አለኝ በሹክሹክታ። "አቤት የሚለው ራሱ ብቻ ነው። ሲመሽበት ብቻውን ይዘምታል።"

ባልዲ ይዤ ቆሜ ይህን ስሰማ ንድድ ይለኝ ነበር። "እስቲ ኮከብህን ውሃ ወረፋ ላካት፤ የእኔ እግር አብጧል" አልኩት አንድ ቀን።

ባዶ ሳህኑን ወደ እኔ እየገፋ፣ "እሷም እኮ ደክሟታል። ሰባት ሰዓት ላይ ትጠልቃለች" አለኝ።

ሳቄ አመለጠኝ፤ ወዲያው ደግሞ አለቀስኩ። ድካም እንዲህ ነው፤ ሳቅና ለቅሶ አያስለይም።

ከግድግዳው ማዶ የሚኖሩት ጎረቤታችን የወሎ ሰው ናቸው፤ ሙስሊም፣ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ብዙ የማይናገሩ ሴት። እኛ የእሳቸውን ሥጋ አንበላም፣ እሳቸውም የእኛን አይበሉም፤ በዓል ሲመጣ የምንለዋወጠው ዳቦ ነው። በአረፋ ዕለት በግ አርደው ከዳቦው ሌላ የተከደነ ትንሽ ድስት ይዘው መጡ። "ይቺ ደግሞ ለድመቷ" አሉ። እናቴ የሥጋ ትራፊ መስሏት አመሰገነች። ሲወጡ ክዳኑን ከፈትነው፤ ትኩስ የምስር ወጥ ነው።

እናቴ ድስቱን እንደያዘች አልጋው ላይ ቁጭ አለች። ድመት ሥጋ ትቶ ምስር አይወድም። የእሳቸውን ሥጋ የማይቀምስ ድመት ካለ ክርስቲያን ድመት ነው። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ፤ ሴትዮዋ ከመቼ ጀምሮ እንደሚያውቁ እግዜር ይወቀው። ምስሩን ወንድሜ ጠርጎ በላው፤ እኛ ግን ከዚያ ቀን ወዲህ ፍርሃታችን ባሰ። እሳቸው ካወቁ ማን ያላወቀ አለ?

አብዮት ጠባቂዎቹ የመጡት ብዙም ሳይቆይ፣ በጠራራ ፀሐይ ነው። አንደኛው መኻል ቤት ቆሞ፣ ወደ ኮርኒሱ አንጋጦ፣ የወንድሜን ስም ከነአባቱ ጮኾ ጠራ። ያን ስም ቤታችን ውስጥ ከሰማን ስንት ጊዜያችን! ሳንቃው ሲጥ አለ።

"ያቺ ሌባ!" የሚል ድምፅ ከበሩ መጣ። ጎረቤታችን መጥረጊያ ይዘው ቆመዋል። "ያቺ ድመት! ትናንት ሥጋዬን ጨርሳብኝ ዛሬ እዚያ ላይ ትንፈላሰሳለች! ጓዶች፣ ካገኛችኋት ለእኔ ስጡኝ፤ በዚህ ነው ወገቧን የምላት!"

ሰውየው ሳቀ። ድመት ለማባረር የመጣ መምሰሉን አልወደደውም መሰለኝ፣ ጓደኞቹን ይዞ ወጣ። ሴትዮዋ መጥረጊያቸውን ግድግዳው ላይ አስደገፉና እናቴን "አብሽሪ" ብለዋት ወደ ቤታቸው ገቡ። ለጠባቂዎቹ የሥጋ ወሬ፣ ለእኛ ምስር! ዛሬም ሳስበው እግራቸውን መሳም ያምረኛል።

ቁም ሳጥኑ ላይ ወጣሁና "ሲጠሩህ አልደነገጥክም?" አልኩት ወንድሜን።

"ማንን ጠሩ?" አለኝ። ቀልዱን መስሎኝ ሳቅኩለት።

ደርግ የወደቀ ሰሞን፣ ተኩሱ ጋብ ሲል፣ ወንድሜ በቀን ወረደ። ግቢው ውስጥ ወጥቶ፣ ጎብጦ፣ ጀርባውን ሰጥቶን ግድግዳው ሥር ቆመ። እናቴ ለዚህ ቀን ያቆየችው አንድ ነገር ነበር፤ ስሙን እንደ ልቧ ጮክ ብላ መጥራት። ጎረቤታችንም ያን ሊሰሙ በራቸው ላይ ወጥተዋል። ጠራችው። አልዞረም። ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ደገመችው። የግቢው ሰው ሁሉ ዞረ፤ እሱ ግድግዳው ላይ ያረፈችውን ፀሐይ በጣቱ እየነካ ቆሟል።

ድኗል። አልወሰዱትም። ያ ሁሉ ድካም ለዚህ ነበርና ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር፤ ደስ አላለኝም። እናቴ ለሦስተኛ ጊዜ ልትጠራው አፏን ስትከፍት፣ ጥሪው ዞሮ ወደ እሷው ሲመለስ ማየት አላስቻለኝም።

"አቤት" አልኩ እኔ።