የእትዬ አራክሲ ኩራቢያና የእናቴ ቅቤ

ልጅ ሆኜ ንጥር ቅቤ ማለት አንድ ነገር ብቻ ይመስለኝ ነበር። እናቴ ከፍሪጁ የታችኛው መደርደሪያ፣ ከጎመኑ ጀርባ የምትደብቀው፣ አክስቴ ከአዲስ አበባ በሰው የምትልክልን፣ ክዳኑ ሲከፈት የኮረሪማውና የኮሰረቱ ሽታ ቤቱን የሚሞላው ቢጫው ቅቤ ነው። ሱቅ ውስጥ በወረቀት ተጠቅልሎ የሚሸጠውን ከቅቤ አልቆጥረውም ነበር፤ እሱ "በተር" ነው፣ ዳቦ ላይ ይቀባል፣ አለቀ። ይህ ዕውቀቴ አንድ ቅዳሜ ጉድ ሠራኝ። ዛሬ ሬንተን ባለው ቤቴ ኩራቢያ ልጋግር ዱቄት ባወጣሁ ቁጥር ያ ቅዳሜ ትዝ ይለኝና ብቻዬን እስቃለሁ።

አሥር ዓመቴ ነበር። እናቴ ዲቪ ደርሷት ሲያትል አጠገብ ያለችው ቱክዊላ ከገባን ሁለተኛ ዓመታችንን ይዘናል። በዚያ ዘመን በልጅነታችሁ የመጣችሁ ታስታውሱታላችሁ፤ ቢጫውን የትምህርት ቤት አውቶቡስ፣ ክረምቱን ሙሉ የማይደርቀውን የጃኬታችንን ሽታ፣ እንግሊዝኛ የማንችለው ብቻ ተለይተን የምንማርባትን ጠባብ ክፍል። ፓርኪንጉ ላይ በጠመኔ አስምረን ሰኞ ማክሰኞ ልንጫወት ስንል ዝናቡ ይመጣና መስመራችንን አጥቦት ይሄዳል። የአፓርታማው ኮሪደር ምንጣፍ የሁሉንም ቤት ራት ይሸት ነበር፣ የሶማሌዎቹን ሩዝ፣ የቬትናሞቹን ዓሣ፣ የእኛን ወጥ። ከአንድ በር ብቻ የጣፋጭ ሽታ ይወጣል። ያ በር የእትዬ አራክሲ ነበር።

እትዬ አራክሲን ያወቅናቸው ምድር ቤት፣ ልብስ ማጠቢያው ክፍል ውስጥ ነው። እናቴ ካልሲ ጣልሽ ብላ በአማርኛ ስታወርድብኝ፣ አጠገባችን ፎጣ የሚያጥፉ ጸጉራቸው የነጣ ፈረንጅ ዘወር አሉና "ተያት እንጂ አንቺ፣ ልጅ አይደለች እንዴ!" አሏት። እናቴ በድንጋጤ የያዘችውን ልብስ ሁሉ ለቀቀችው። ለካስ ፈረንጅ አይደሉም፣ አርመን ናቸው፤ ያውም ፒያሳ ተወልደው ያደጉ፣ አባታቸው እዚያው ልብስ ሰፊ የነበሩ። ከአዲስ አበባ ወጥተው ቤይሩት፣ ከቤይሩት አሜሪካ ገብተው ባላቸውን ቀብረው ብቻቸውን ይኖሩ ነበር። አማርኛቸው የእኛን ያስንቃል።

እናቴ ሆቴል ክፍል ስለምታጸዳ ቶሎ አትገባም። ስለዚህ ከትምህርት ቤት ስመለስ እሳቸው ጋ እውላለሁ። እናቴ ግን ከበራቸው አልፋ አታውቅም። "ማዳም" እያለች፣ አንቱ እያለች፣ ደፉ ላይ ቆማ አመስግና ይዛኝ ትሄዳለች። እሳቸው "ማዳም ምናምን ተዪኝ፣ ግቢ ቁጭ በይ" ይላሉ፤ እሷ "ሌላ ጊዜ ማዳም፣ ነገ ሺፍት አለኝ" ትላለች። እስከዚያ ቅዳሜ ድረስ ያ ሌላ ጊዜ አልመጣም።

ኩራቢያ የአርመኖች የቅቤ ኩኪስ ነው። ንጥር ቅቤ ከቀዘቀዘ በኋላ በእጅ ይመታል፣ ይመታል፣ እስኪነጣና አረፋ እስኪመስል ድረስ። ከዚያ የላመ ስኳር፣ ከዚያ ዱቄት፣ ሊጡ ጣት መያዙን እስኪተው። እንደ ገመድ ይድቦለቦልና እንደ ኤስ ፊደል ይጣመማል፣ መሀሉ ላይ አንድ አልመንድ፣ ለውዝ መሰሉ ፍሬ፣ ይደረግበታል። ኦቭን ውስጥ ሳይቀላ መውጣት አለበት፤ ሲወጣም እስኪቀዘቅዝ አይነካም፣ ከነኩት ይፈርሳል። የእትዬ አራክሲን ጣቶች ሪህ ስላቆላመማቸው የምመታው እኔ ነበርኩ። እሳቸው ወንበር ላይ ተቀምጠው "ጎበዝ፣ አሁንም፣ አሁንም" ይሉኛል፣ እኔ እስከ ክርኔ ቅቤ ሆኜ "ኦኬ፣ ኦኬ" እላለሁ። እንደዚያ ኩራት የተሰማኝ ጊዜ የለም፤ ትምህርት ቤት አፌ ተሳስሮ የምውለዋ ልጅ እዚያ ወጥ ቤት ውስጥ ባለሙያ ነበርኩ።

ነገር ግን እትዬ አራክሲ አንድ የሚያንገበግባቸው ጉዳይ ነበር። ካሊፎርኒያ የሚኖሩ ቫሃን የሚባሉ ታላቅ ወንድም አሏቸው። በየዓመቱ ለገና ኩራቢያ በቆርቆሮ አድርገው ይልኩላቸዋል፣ ወንድምየውም በየዓመቱ ደውለው ያመሰግናሉ፤ ከምስጋናው በኋላ "ጥሩ ነው፣ ግን የእማዬ አይደለም" ይላሉ። ይህ ሠላሳ ዓመት ሆኖታል። እትዬ አራክሲ ስልኩን ዘግተው በሦስት ቋንቋ ይራገማሉ። የእናታቸው የእጅ ጽሑፍ በእጃቸው አለ፣ በአርመንኛ፣ ጠርዙ ቅባት የጠጣ ወረቀት። "ይኸው! ንጥር ቅቤ ይላል፣ ስኳር ይላል፣ ዱቄት ይላል! ምን ጎደለኝ?" እያሉ ያነቡልኛል። ዱቄት ቀየሩ፣ ስኳር ቀነሱ፣ የጽጌረዳ ውሃ ጨመሩ። "የእማዬ አይደለም።" መጨረሻ ላይ ጥፋቱን እጃቸው ላይ ጣሉት። "የእሷ እጅ የለኝም፣ በቃ" ይሉ ነበር፣ ያንን ሲሉ ፊታቸውን ማየት አልወድም ነበር።

በዚያ ዓመት ጋሼ ቫሃን ራሳቸው ሊመጡ ሆነ። የአርመኖች ገና ከእኛ ገና አንድ ቀን ይቀድማል፤ ለዋዜማው ቅዳሜ ከሰዓት ይገባሉ ተባለ። እትዬ አራክሲ ዕድሜያቸው የገፋውን ወንድማቸውን ከዚህ በኋላ ያዩት አያዩት አያውቁም ነበር። "ዘንድሮ እዚህ ወንበር ላይ ተቀምጦ ይሄ ነው ካላለኝ ሞቼ እገኛለሁ" አሉኝ፣ እንደ ቀልድ አድርገው። እኔ ግን ቀልድ እንዳልሆነ ገብቶኛል።

ቅዳሜ ጠዋት አልመንዱ ጎደለና ሱቅ ሊሄዱ ካፖርታቸውን ለበሱ። "ንጥር ቅቤው ፍሪጅ ውስጥ ነው። አውጪና ለስለስ ሲል መምታት ጀምሪ" ብለውኝ ወጡ። አወጣሁት። ቅቤው ያለበት ጠርሙስ ከእጄ አመለጠና ወለሉ ላይ ተከሰከሰ። ቅቤውና ስብርባሪው አንድ ላይ ተለወሰ።

ጠርጌ ጣልኩትና ምን ይሻለኛል እያልኩ ስዞር መፍትሔው ብልጭ አለልኝ። ቤታችን ንጥር ቅቤ አለ! ሮጬ ሄድኩ፣ ጎመኑን ገለል አደረግኩ፣ እናቴ ለገና ዶሮ ያስቀመጠችውን ዕቃ ይዤ ተመለስኩ። አንድም ጥርጣሬ አልገባኝም። ንጥር ቅቤ አሉኝ፣ ንጥር ቅቤ አመጣሁ። መታሁት፣ መታሁት፣ አልነጣ አለኝ፤ ቢጫ እንደሆነ ቀረ። የእጄ ስንፍና ነው ብዬ የበለጠ መታሁት። ስኳሩንና ዱቄቱን ጨምሬ ሊጡን አጠናቅቄ ጠበቅኳቸው።

እትዬ አራክሲ በሩን ከፍተው አልገቡም። እዚያው ቆመው አሸተቱ።

"ቤቲ፣ ምንድነው የሠራሽው?"

"ቅቤውን መታሁ።"

"የቱን ቅቤ?"

"ንጥሩን።"

ቀርበው ሳህኑን አዩት፤ ለካስ የእሳቸው ንጥር ያለ ቅመም የነጠረ የሱቅ በተር ኖሯል። እኔ ስለ ጠርሙሱም፣ ስለ እናቴ ቅቤም ሁሉንም እያለቀስኩ ዘከዘክሁት። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። ካፖርታቸውን ሳያወልቁ ወንበሩ ላይ ተቀመጡና "እንግዲህ ዘንድሮም ሊስቅብኝ ነው" አሉ፣ ለእኔ ሳይሆን ለራሳቸው። ሌላ ቅቤ ለማንጠር ጊዜ አልነበረም፣ አውሮፕላኑ ወርዷል። ዱቄት አይጣልም ብለው ሊጡን አስጠመሙኝና ጋገርነው። ለእንግዳው ከሱቅ የገዙትን ብስኩት በሚያምር ሳህን ደረደሩ። የእኔን ጉድ ከነመጋገሪያው ኦቭን ውስጥ ትተው ዘጉበት።

ጋሼ ቫሃን ባርኔጣ ያደረጉ፣ ከዘራ የያዙ፣ እኔ ከጠበቅኩት በጣም ያነሱ ሰውዬ ነበሩ። ወንድምና እህት ተቃቅፈው ሁለቱም እኩል ማውራት ጀመሩ፣ በአርመንኛ፣ ማንም ማንንም ሳይሰማ። እኔ በሩ ጥግ ቆሜ ልቅሶ ልቅሶ ይለኛል። ድንገት ጋሼ ቫሃን ወሬያቸውን አቆሙ። አፍንጫቸውን ቀና አደረጉ። በከዘራቸው ወለሉን እየመቱ ወደ ወጥ ቤት ሄዱ፣ እትዬ አራክሲ እጃቸውን ሊይዟቸው እየሞከሩ ተከተሏቸው። ሰውዬው ቀጥ ብለው ኦቭኑን ከፈቱት።

ገና ሳይቀዘቅዝ አንዱን አነሱ። መዳፋቸው ላይ ፈረሰ። ፍርፋሪውን እንደ ቆሎ ወደ አፋቸው ጣሉትና ዓይናቸውን ጨፈኑ። ከዚያ፣ እስከዚያች ደቂቃ በአርመንኛ ሲያወሩ የነበሩት ሰውዬ በአማርኛ፣ "ይሄ ነው" አሉ። "አራክሲ፣ ይሄ ነው የእማዬ።"

"አትቀልድብኝ ቫሃን" አሉ እትዬ አራክሲ። ወንድማቸው አንድ አንስተው እንደ ሕፃን አጎረሷቸው። እትዬ አራክሲ አኘክ አኘክ አድርገው አቆሙና አፋቸውን በእጃቸው ከደኑ።

"እቤት ቅቤ የምታነጥረው ማን ነበረች?" አሉ ጋሼ ቫሃን።

"ወርቄ ናታ!" አሉ እትዬ አራክሲ። ወርቄ ፒያሳ ሳሉ የቤታቸው ወጥ ሠሪ ነበረች። ወርቄ ቅቤ የምታነጥረው እንደ እናቴ በኮረሪማና በኮሰረት ነው፤ እናታቸውም የሚጋግሩት በዚያው ነው፤ ቤቱ ውስጥ ሌላ ቅቤ አልነበረም። ወረቀቱ ላይ "ንጥር ቅቤ" ብቻ የተባለውም ለዚህ ነው። ማን የቱን ብሎ ይጠይቃል? እነሱ ልጆች ነበሩ፣ በልተው ወደ ጨዋታቸው ነው የሚሮጡት። እኔ የሠራሁት ስህተት ወረቀቱን እንደ እናታቸው ማንበብ ነበር። እትዬ አራክሲ ጭንቅላታቸውን ያዙ። "ሠላሳ ዓመት! ሠላሳ ዓመት እጄን ስረግም ቅቤው ኖሯል!" እያሉ ሳቁ፣ አለቀሱ፣ ቅቤ የጠጣ እጄን ይዘው ሳሙኝ።

ማታ እናቴ ስትገባ አንድ ሳህን ሙሉ ኩራቢያ ይዘው በራችንን ያንኳኩት እሳቸው ነበሩ። "ልጅቷን እንዳትነኪያት፣ ቅቤሽን የበላሁት እኔ ነኝ" አሏት። እናቴ ጾም ላይ ስለነበረች አልቀመሰችም፤ ሳህኑን ለገና ብላ ከፍ አድርጋ አስቀመጠችው። የዚያ ዓመት ዶሯችን ቅቤ ስላጠረው ዘይት ዘይት ይል ነበር። በገና ቀን ግን እናቴ ኩራቢያውን ቀመሰችና፣ ቀሪዋን ቅቤ በብርጭቆ ይዛ እትዬ አራክሲ ጋ ሄደች፣ ለመጀመሪያ ጊዜም ከበራቸው አልፋ ገብታ ተቀመጠች።

አሁን ያ ሁሉ ሩቅ ነው። እትዬ አራክሲ ካረፉ ዓመታት አለፉ። ያን ጊዜ እንደ ወርቅ የምንደብቀው ቅቤ ዛሬ ከሥራ ስመለስ መኪናዬን ፓርክ አድርጌ ከሐበሻ ሱቅ የማነሳው ዕቃ ሆኗል። ለገና እጋግራለሁ፣ የአሥር ዓመት ልጄ ትመታልኛለች፣ በአማርኛ ስጠይቃት በእንግሊዝኛ እየመለሰች። አንዱን ቆርቆሮ ለጋሼ ቫሃን እልካለሁ። ዘጠና አልፈዋል። ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ቤቱን ሞልተውታል፣ ሰፈሩ ሁሉ አርመን ነው፤ አማርኛ የሚያወራቸው ግን የለም። በልጅነታቸው የተሳደቡበት፣ ኳስ የተጫወቱበት ቋንቋ ከእህታቸው ጋር አብሮ ሄደባቸው።

ዘንድሮ ፖስታው መድረሱ ስልኬ ላይ በታየኝ በማግስቱ ጋሼ ቫሃን ኮል አደረጉ። "ቤቲ፣ አልቋል" አሉኝ። ስድሳ ፍሬ ነበር የላክሁት። ከዚያ ስለ ሲያትል ዝናብ፣ ስለ ፒያሳ፣ ስለ ወርቄ አመል አንድ ሰዓት ያህል አወሩኝ። ልጄ ስፒከሩን ስትሰማ ቆይታ "ማም፣ ሂ ኢዝ ላይንግ፤ ትናንት ነው የደረሰው" አለችኝ በሹክሹክታ። አውቃለሁ አልኳት በዓይኔ።

"እሺ ጋሼ፣ ቅዳሜ ሌላ እጋግራለሁ" አልኳቸው።

"ጎሽ" አሉ። "ስትልኪ ደውዪልኝ። ሲደርሰኝ ደግሞ እኔ እደውላለሁ።"