አክስቴ ማንንም አልለመነችም

«ያረብ! እኔ እኮ ነኝ!» ብላ አክስቴ ዘሀራ ከተቀመጠችበት ብድግ አለች።

ዛሬ ከሰዓት፣ መካነ ሰላም፣ ቤታችን። ቴሌቪዥኑ የስልሳ ስድስቱን ረሃብ ፊልም እያሳየ ነው። አንዲት ቀጫጫ ልጅ መዳፎቿን ከፍታ ተቀምጣለች። ተራኪው «እጇን ለልመና የዘረጋች፣ ስሟ ያልታወቀ ልጅ» ይላል።

«የምን ልመና?» አለች አክስቴ። «እናቴ የተቀበረች ዕለት ነው። ዱዓ እያደረግሁላት ነበር!»

ደሜ ፈላ። ሃምሳ ዓመት ሙሉ አገር እንደ ለማኝ ሲያያት ኖሯል። ወሎ ውስጥ መዳፍ ለዱዓ እንደሚከፈት ሕፃን ልጅ ያውቃል። ካሜራ አፍንጫዋ ሥር ደቅነው አንዲት ቃል አልጠየቋትም። ስም መጠየቅ እኮ ፊልም አይጨርስም!

እናንተስ፣ በዚያ ፊልም ላይ የምታውቁት ሰው አለ? ስሙን ከታች ጻፉልኝ። እኔ ልጀምር፤ ዘሀራ እንድሪስ ትባላለች።