ቆርጬ የጣልኩት ዱዓ

የዶክመንተሪ ፊልም ኤዲተር ነኝ። ሥራዬን ለከተማችን ለሐይቅ ሰው ሳስረዳ «ሌላው የቀረጸውን እኔ እቆርጣለሁ» እላለሁ፤ «ታዲያ አንተ ምን ሠራህ?» ይሉኛል። እውነታቸውን ነው።

ለውጥ መጣ በተባለ ሰሞን ስለ ሐይቃችን ዓሣ አጥማጆች አጭር ፊልም ሠራን። ከተቀረጹት አንዱ የጎረቤታችን ልጅ ነበር፤ ዓረብ አገር ሠርቶ የተመለሰ ሳቂታ ጎረምሳ። እናቱ ከካሜራው ጎን ቆማ ታየው ነበር። እኛ አገር ቁም ነገር ያለ ዱዓ አይጀመርም። ልጁም «ስለ መረቡ ንገረን» ቢባል መዳፎቹን ዘርግቶ አላህን አመሰገነ፣ ሐይቁን መረቀ፣ ከዚያ ወደ እናቱ ዞሮ «እሷን ሳልጦር አትግደለኝ» አለ። እናቱም «አሚን!» አለች፤ ጮክ ብላ።

ያ «አሚን» ድምፁን አበላሸብኝ ብዬ ተናደድኩ። ዱዓውን እንዳለ ቆርጬ ጣልኩት፤ የመረቡ ወሬ ብቻ ቀረ። ሃርድ ዲስኩ ሲሞላ ደግሞ ጥሬውን ቀረጻ በሙሉ ደመሰስኩ። ጎበዝ ኤዲተር ለትርፍ ነገር አይሳሳም እያልኩ እኮራ ነበር፤ ምን ዓይነት ጅል ነበርኩ!

ጦርነቱ ሲደርስብን ሸሸን። ልጁ እናቱን ደሴ በሚሄድ መኪና አሳፍሮ «ጀልባዬን ሸሽጌ እከተልሻለሁ» ብሏት ቀረ። ስንመለስ ጎረቤት ቀብሮት ጠበቀን። የእናቱም ቤት ተዘርፎ አንድ ፎቶው እንኳ አልተረፈላትም።

አንድ ቀን ከቀትሩ የዙሁር ሶላት በኋላ መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች።

«የኔ አባት፣ ያችን ለኔ ያደረጋትን ዱዓ አሰማኝ።»

እንደሌለ እያወቅኩ ፈለግኩ። አንዱን ፋይል እከፍታለሁ፣ ሌላውን እዘጋለሁ። ካሜራማኑ ጋ ደወልኩ፤ ካርዱ ላይ ሌላ ሥራ ከቀረጸበት ቆይቷል። ቢጨንቀኝ ያለቀውን ፊልም ከፈትኩላት።

ልጁ ብቅ የሚልበት ቦታ ላይ አንድ ስህተት አለብኝ፤ ዓይኑ ከጎን ወደ ካሜራው ሲመለስ ለቅጽበት ይታያል። ዳይሬክተሩ አስተካክለው ቢለኝ ሰንፌ የተውኩት ነው።

«እኔን እኮ ነው የሚያየው!» ብላ ስክሪኑን በሁለት እጇ ያዘች። «መልሰው እስቲ።»

መለስኩት። ዓይኑ ዞረ፣ ስለ መረቡ ማውራት ጀመረ። ደግማ አስመለሰችኝ። ስንት ጊዜ እንደመላለስኩት አላውቅም።

«ትንሽ ራቅ አድርገህ መልሰው እንጂ ልጄ፤ ዱዓው ከዚህ በፊት ነው።»

«ከዚህ በፊት የለም፣ እናቴ። እኔ ነኝ የቆረጥኩት።» መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ቁጣዋን ስጠብቅ «አብሽር» አለችኝ፤ አጽናኚዋ እሷ ሆነች። «ግዴለም፣ አሁንም መልሰው።»

መዳፎቿን ዘረጋች። ከመጀመሪያው አስነሳሁት። ልጁ ገና ብቅ ሲል፣ አንድም ቃል ሳይናገር፣ «አሚን» አለች።