የቀሚሱ ጀርባ

ማለዳ 12 ሰዓት፣ ቁሓ

ጎህ ሲቀድ ሚኒባስ ያዝኩ። እህቴ ምሕረት ከሞተች ሦስተኛ ወሯ ነው። ወፍራም ነበረች። ሰልባጅ ልብስ ትፈታና ለወፍራም ሴት እንዲሆን አድርጋ መልሳ ትሰፋው ነበር፤ ከዚያ ለብሳ በስልኳ እየቀረጸች በማኅበራዊ ገጿ ታሳይ ነበር። አንድ ሕግ ነበራት፤ ፊቱን ያሳየችውን ልብስ ጀርባውንም ታሳያለች። "ውሸት የሚደበቀው ከኋላ ነው" ትል ነበር። ገጿ አሁን በእኔ እጅ ነው። አንድ ሱቅ "ለሁሉም ሰውነት፣ ከአሮጌ ልብስ የተሠራ" የሚለውን ቀሚስ በእሷ ገጽ እንዳወጣለት ጠርቶኛል።

ከጎኔ ደልደል ያሉ እናት ተቀመጡ።

"አደይ፣ የሁለት ሰው ይከፍላሉ" አላቸው ረዳቱ።

"ያንተ አፍ ብቻውን የሦስት ሰው ቦታ ይዟል፤ ለእሱ ማን ከፈለለት?"

መኪናው በሙሉ ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። ከዚያ ደነገጥኩ፤ ከሳቅኩ ሦስት ወር ሆኖኝ ነበር።

3 ሰዓት፣ ቀዳማይ ወያነ ገበያ

በርበሬ፣ የፕላስቲክ ባልዲ፣ የጫማ ክምር አልፌ ሱቁን አገኘሁት። ባለቤቱ አንገቱ ላይ ሜትር አንጠልጥሏል። ማንን እንደሚለካበት እንጃ፤ ቀሚሶቹ ሁሉ የአንዲት ቀጭን ልጅ ልክ ናቸው። "ከአሮጌ የተሠራው" ገና ከላስቲኩ እየወጣ ነው። ሠራተኛዋ አሮጌ እንዲመስል በእጇ ታሸዋለች።

"ትልቁ ልክ የታለ?"

"ይኸው!"

አንድ ብቻ ነው ያለው። ቀጭኗ ሠራተኛ ለበሰችው፤ ከኋላዋ በሰባት የልብስ መቆንጠጫ ሰበሰቡት። ከፊት ሲያዩት በልኳ የተሰፋ ይመስላል።

"እስቲ ዙሪ" አልኳት።

"ሓወይ፣ ፊቱ ይበቃል" አለ ባለቤቱ። "ጀርባ ማን ያያል?"

"ከኋላ የሚመጣ ሰው።"

"እኔኮ የእህትህ ስም እንዳይጠፋ ብዬ ነው። ነፍስ ይማር፣ ጎበዝ ነበረች።"

አንድም ፎቶ ሳላነሣ ስልኬን ኪሴ ከትቼ ወጣሁ።

7 ሰዓት፣ ቤት

እናቴ ደጅ ልብስ ታሰጣለች። የምሕረትን ቢጫ ቀሚስ ለሐዘን ጥቁር ቀለም ነክራ ለብሳዋለች። እናቴ ቀጭን ናት። ቀሚሱ ከትከሻዋ እንዳይወርድ ከኋላ በመቆንጠጫ ይዛዋለች። መቆንጠጫውን ቆጠርኩ፤ ሁለት ነው።

የሱቁን ነገር ነገርኳት። እርጥብ እጇን ቀሚሱ ላይ ጠረገች።

"በል፣ ለምሕረት ገጽ እኔን ፎቶ አንሣኝ።"

ከፊት አነሣኋት። ስልኩን ላወርድ ስል፣ ሳልጠይቃት ዞረች።