ዛሬ በምን ሞትሽ?

እህቴ ኦዲል በልጅነቷ ያልሞተችው ሞት የለም። በሳንባ በሽታ ሞታለች፣ በረዶ ላይ ደርቃ ሞታለች፣ ሠረገላ ረግጧትም ሞታለች።

እናታችን ክሌማንስ እዚሁ ከተማችን ቬንሴን ውስጥ ለአንድ የፊልም ድርጅት የተዋናዮችን ልብስ ታጥብ ነበር። አንድ ቀን የስድስት ዓመቷን ኦዲልን አስከትላ ሄደች። ታሞ የሚሞት ልጅ ሆኖ እንዲተውን የመጣው ሕፃን አልጋው ላይ አልተኛም ብሎ ሲያስቸግር፣ ኦዲል ማንም ሳይጠይቃት አልጋው ላይ ወጥታ ተጋደመች፤ እንባዋንም ዱብ ዱብ አደረገችው። አዘጋጁ ሙሴ ባርባሩ ከዚያ ወዲያ አልለቀቃትም። ፊልሙ ድምፅ ስለሌለው ለቅሶ በዓይን መታየት አለበት ብሎ፣ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ ትከሻዋን ማርገፍገፍ፣ ከዚያም ቀስ ብላ መንበርከክ አስተማራት።

የሰፈር ልጆች ስሟን ትተው «ሟቿ» ይሏት ጀመር።

«ሟቿ መጣች! ዛሬ ደግሞ በምን ሞትሽ?»

«በኩፍኝ» ትላቸዋለች ኮራ ብላ። «ነገ ወንዝ ነው የሚወስደኝ።»

አባታችን አንሴልም ከሰል በጋሪ የሚያመላልስ፣ ዝምተኛ ሰው ነበር። አንዱን ፊልም አይቶ ሳያልቅ ወጣ፤ ልጄ ስትሞት ለማየት ሁለተኛ አልሄድም ብሎ ፊልም ማየቱን ተወ።

በነሐሴ የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ተነሣና አባባ ዘመተ። ወይን በሚለቀምበት ሰሞን የማዘጋጃ ቤቱ ሰውዬ ባርኔጣውን አውልቆ በራችን ላይ ቆመ። ሰውዬው ገና ሳይናገር የአባባ መሞት ለእማዬ ገባት። ጎረቤቱ ሁሉ ተሰበሰበ። ያን ጊዜ ኦዲል እጇን ደረቷ ላይ አደረገች፤ ትከሻዋ ተርገፈገፈ፤ ቀስ ብላ ተንበረከከች። ሌላ አለቃቀስ አታውቅማ። ከሴቶቹ አንዷ «ይቺ ልጅ እዚህም ትተውናለች እንዴ?» ስትል ሰማኋት።

እማዬ በጥፊ መታቻት።

«ተይ! እዚህ የፊልም ማንሻው ማሽን የለም።»

ኦዲል ተነሣች። ፊቷን በቀሚሷ ጠርጋ ከእኔ አጠገብ ተቀመጠች። በቃ፣ ከዚያ በኋላ አላለቀሰችም።

በጦርነቱ ምክንያት ተዘግቶ የነበረው የፊልም ድርጅት ሲከፈት፣ ሙሴ ባርባሩ አባቷ ጦር ሜዳ የሞተባትን ልጅ እንድትሠራለት ጠራት። ከመብራቶቹ ሥር አቁመው ጠበቁ፤ እንባ የለም። አባትሽን አስቢ አላት። አሰበች መሰለኝ፤ ፊቷ እንደ ግድግዳ ሆነ። ሽንኩርት ሲያሸቷት ዓይኗ ቀላ እንጂ ምንም አልፈሰሰም። እናቴ ጥግ ላይ የታጠበውን ልብስ እንዳቀፈች «እባክሽ የኔ ልጅ፣ አልቅሺ» እያለች ትለምናት ነበር። በነጋታው ሌላ ልጅ አመጡ።

እህቴ ክንዷ ሲጠነክር የመድፍ ጥይት ፋብሪካ ገባች፤ ባሩዱ ጣቶቿን ቢጫ አደረጋቸው። ከጦርነቱ በኋላ ሞንትሮይ ገበያ ዓሣ ትሸጥ ጀመር። እማዬ ስትሞትም አላለቀሰችም፤ ሬሳውን ያጠበችው፣ ቀባሪውን ያስተናገደችው ግን እሷ ናት። ሰው ልበ ደረቅ አላት።

አንድ ጠዋት ሰርዲን ስትመዝን አጠገቧ ቆሜ ነበር። ቀና ሳትል «የአባባ መርዶ የመጣ ቀን እኮ ያለቀስኩት የእውነቴን ነበር» አለችኝ።

«አውቃለሁ» አልኳት።

«እማዬ ግን አላወቀችም።»

ዓሣውን በጋዜጣ ጠቀለለችና ለገዢዋ ሰጠች።